ሃያ ሁለት ደረጃ

አያቴ ሲሪንቃ ውስጥ የታወቁ ሽማግሌ ነበሩ። ካሳ የሚገባው ጉዳተኛ መራመድ ካልቻለ ሽማግሌዎቹ እሱ ቤት ሄደው መደቡ ላይ ተቀምጠው ነገሩን ይሰሙለት ነበር።

የመንግሥት ሕግም ቢሆን ደካማውን አልረሳም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የመኪና ባለቤትን፣ ጥፋት ባይኖርበትም፣ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ አደረገው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ደግሞ ከሳሽ ሠራተኛን ከዳኝነት ክፍያ ነፃ አወጣ፤ ይህ ለድሃ ትልቅ ነገር ነው።

እኔ እግሬን ያጣሁት በመኪና አደጋ ነው። የካሳ ክሴ የሚታይበት ችሎት ግን ፎቅ ላይ ነበር። በአንድ እጄ ክራንቹን፣ በሌላው የደረጃውን ብረት ይዤ ሃያ ሁለት ደረጃ ቆጥሬ ወጣሁ። ላብ በላብ ሆኜ ስደርስ ስሜ ተጠርቶ አልፏል።

የሕንፃ አዋጅ ቁጥር 624/2001 የሕዝብ መገልገያ ሕንፃዎች ለአካል ጉዳተኛ የሚመች መግቢያ እንዲኖራቸው አዘዘ። መግቢያው እስኪሠራ ድረስስ ዳኛው ምድር ቤት ቢያስችሉ ምን ይከብዳል? አያቴ ቢሆኑ በርጩማቸውን ይዘው ይወርዱልኝ ነበር።