ሰበብና ምክንያት በላስታ

ወደ ላስታ የሚመጣ እንግዳ ሁሉ አስቀድሞ የሚጠይቀው ጥያቄ አንድ ነው፤ «ይህን ማን ሠራው?» በጥንቷ ሮሃ ከቀዩ አለት ወደ ታች ተፈልፍለው በቆሙት 11 አብያተ ክርስቲያናት መካከል ሲመላለስ ጥያቄው ሳይጠራ ይመጣበታል። የአገሩ ሰው ግን በየትውልዱ ሌላ ጥያቄ ሲጠይቅ ኖሯል፤ «ይህን ረሃብ ምን አመጣው?» አንዱ የክብር፣ ሌላው የመከራ ጥያቄ በመሆኑ ሁለቱ በአንድ ገጽ ላይ ተገናኝተው አያውቁም ለማለት ይቻላል። የመጀመሪያውን የታሪክና የኪነ ሕንፃ ሊቃውንት፣ ሁለተኛውን የእርሻና የምጣኔ ሀብት ባለሙያዎች ተካፍለው ይዘውታል። ይሁን እንጂ ሁለቱም ጥያቄዎች የምክንያት ጥያቄዎች ናቸው። ምን ዓይነት መልስ ስናገኝ ነው ነገሩ ተብራራልን ለማለት የምንችለው? ይህን መመርመር ደግሞ ከጥንት ጀምሮ የፍልስፍና ሥራ ነው።

አማርኛ በዚህ ረገድ ድኻ ቋንቋ አይደለም። «ሰበብ» እና «ምክንያት» የሚሉ ሁለት ቃላት አሉት። በዕለት ንግግር አንዱ በሌላው ቦታ ቢገባም፣ «ሰበብ ፈለገ» ሲባል ከተጠራው ነገር ጀርባ ሌላ ያልተጠራ ነገር መኖሩን ሁላችንም እናውቃለን። በጉንፋን ሰበብ ሞተ ስንል ጉንፋን አልነበረበትም ማለታችን አይደለም፤ ጉንፋኑ ብቻውን ባልገደለው ነበር ማለታችን ነው። የኅብረተሰብ ሳይንስ ሰበቦችን ይቆጥራል፣ ይለካል፣ ይመዘግባል። ከተቆጠሩት መካከል የትኛው ምክንያት ለመባል እንደሚበቃ የሚወስነው ግን ቆጠራው ራሱ አይደለም።

ከሕንፃዎቹ እንጀምር። ገድለ ላሊበላ መላእክት ከሰው ጋር አብረው እንደሠሩ ይተርካል። «ከሰው ጋር» የሚለውን አንባቢ ልብ እንዲለው እንፈልጋለን። ገድሉ የሥራውን ቅድስና ለማስረዳት የተጻፈ እንጂ የግንበኞችን መዝገብ ለመተካት የተጻፈ አይደለም፤ ስለዚህም መሮ የጨበጠውን የላስታን ሰው ከሥራው ቦታ አላስወጣውም። ያስወጡት ሌሎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1520 ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ በ1540 በታተመው መጽሐፉ፣ ሥራው የነጮች እንደሆነ ተነግሮኛል ሲል ጽፏል። ከ400 ዓመታት በላይ ቆይቶ እ.ኤ.አ. በ1992 ግራሃም ሃንኮክ የተባለ ጋዜጠኛ በዚሁ ሥራ የአውሮፓ መስቀላውያን ባላባቶችን እጅ ለማሳየት ደከመ። ከእነዚህ ሁለት መጻሕፍት ይልቅ ገድሉ ለገበሬው ቸር ነበር።

ሁለቱ ሰዎች የተሳሳቱት ማስረጃ ስላነሳቸው ብቻ አይደለም። ማስረጃ ከመፈለጋቸው በፊት፣ ይህን የመሰለ ሥራ ከዚህ ሕዝብ ሊወጣ አይችልም የሚል ፍርድ በልባቸው ነበረ። ፍርዱ ደግሞ የፍልስፍና ፍርድ ነው፤ ስለ ሰው ምንነት የተያዘ አቋም ነውና። የቅርብ ጊዜ ተመራማሪዎች ጥያቄውን በሌላ በር ገቡበት። ዴቪድ ፊሊፕሰን እ.ኤ.አ. በ2004፣ ከዚያም በ2010 የፈረንሳይ ተመራማሪዎች ጓድ፣ ሕንፃዎቹ በአንድ ጊዜና በአንድ እጅ ሳይሆን በልዩ ልዩ ዘመን፣ እየተፈለፈሉና እየተለወጡ የተሠሩ መሆናቸውን ከአለቱ ላይ አነበቡ። የኋለኞቹ ያጠኑት ሕንፃውን ብቻ አልነበረም፤ ከጉድጓዱ ተጠርቦ የወጣውን፣ ለዘመናት ማንም ዞር ብሎ ያላየውን የድንጋይ ክምር ጭምር ነው። ለእኛ ከሥራው ሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው። የሠራተኛው ድካም የቀረው በዚያ ክምር ውስጥ ነበርና።

ጣሊያናዊው ፈላስፋ ጃምባቲስታ ቪኮ እ.ኤ.አ. በ1725 ባሳተመው «አዲስ ሳይንስ» በተሰኘው መጽሐፉ፣ የኅብረተሰብን ዓለም የሠራው ሰው ስለሆነ ሰው ሊያውቀው ይችላል ሲል ተከራክሯል። የኅብረተሰብ ሳይንስ የቆመበትን መሠረት ከዚህ በአጭሩ የገለጸው ያለ አይመስለንም። አባባሉ ለሕንፃ ብቻ ሳይሆን ለረሃብም የሚሠራ መሆኑ ግን ሁልጊዜ በደስታ አይሰማም። ሰው የሠራው ነው ከተባለ ማን ሠራው መባሉ አይቀርምና።

ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. የደረሰውን እልቂት ሕዝባችን «ክፉ ቀን» ይለዋል። ስሙ ጥፋቱን በቀኑ ላይ ጥሏል። ነገሩን ለሚመረምር ግን ከቀኑ ጀርባ የከብት በሽታ አለ፤ ከበሽታው ጀርባ ጣሊያኖች በምፅዋ በኩል ያስገቧቸው በሽተኛ ከብቶች አሉ፤ ከዚያም ጀርባ የቅኝ ግዛት ጦርነት አለ። በሬው ሲሞት ዝናብ ቢዘንብም መሬቱን የሚያርሰው አልነበረም።

በ1964 ዓ.ም. ክረምቱ፣ በ1965 ዓ.ም. ደግሞ በልጉ በወሎ ሳይሆን ቀረ። መንግሥት ነገሩን ሸሸገ፤ የዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ድረስ ሄደው ፎቶግራፍ እያነሱ አመጡ፤ ጆናታን ዲምብልቢ የሠራው ፊልም በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር ታየ። ያው ፊልም ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን በወረዱበት ዋዜማ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም.፣ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። «ድርቅ ነው» የሚለው መልስ የፖለቲካ መልስ መሆኑ በዚያ ሌሊት የተገለጠለት ሰው ብዙ ነው።

በሳይንስ ረገድ ጥያቄውን ከሥሩ ያነሡት ሁለት ሰዎች ናቸው። የቤንጋልን ረሃብ በልጅነቱ ያየውና ምጣኔ ሀብትን ከፍልስፍና ጋር አጣምሮ የያዘው አማርትያ ሴን፣ እ.ኤ.አ. በ1981 ባሳተመው መጽሐፍ አንድ ምዕራፍ ለኢትዮጵያ ሰጥቷል። በአገር ደረጃ እህል ያን ያህል እንዳልጎደለ፣ የደሴ ገበያ ዋጋ ብዙ እንዳልናረ፣ እንዲያውም ከወሎ እህል ወደ አዲስ አበባና ወደ አስመራ ይወጣ እንደነበር አሳየ። ሰው የተራበው እህል ስለጠፋ ሳይሆን፣ ሰብሉ የጠፋበት ገበሬ እህሉን የሚያገኝበት አቅምና መብት ስላጣ ነው። መስፍን ወልደ ማርያም ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ1958 እስከ 1977 ያለውን ዘመን በመረመረበት ሥራው፣ ገበሬውን ለረሃብ ያጋለጠው ከእጅ ወደ አፍ የሆነው የአመራረት ሥርዓትና በላዩ የተጫነው ኃይል መሆኑን አስረዳ። በሴን ሥራ ላይ አንድ ቅሬታ አለን፤ የደሴ ዋጋ የላስታ ዋጋ አይደለም። ከአስፋልቱ ርቆ፣ ከ4,200 ሜትር በላይ በሚነሣው በአቡነ ዮሴፍ ተራራ ሥር ለሚኖር ገበሬ የደሴ ገበያ ሌላ አገር ነበር። ሆኖም ጥያቄውን ከሰማይ ወደ ምድር ያወረደው ቁጥሩ ሳይሆን «ረሃብ ምንድን ነው?» ብሎ መነሳቱ ነው።

ተቃራኒው ጥፋትም አለ። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት በታወጀበት አዋጅ ጭሰኛው ነፃ ወጣ፤ ታላቅ ሥራ ነበር። አዋጁን የከበበው ንድፈ ሐሳብ ግን አንድ ባላባትና አንድ ጭሰኛ በየመንደሩ እንዲገኙለት ይፈልግ ነበር። በላስታ ደጋ ገበሬው በአብዛኛው በአባቶቹ ቆጠራ የሚወርስ ርስተኛ ነበር፤ በላዩ የጉልት ግብር ነበረበት፤ የገዳማቱና የአድባራቱ ድርሻም ነበር። በንጉሥ ላሊበላ ስም በወንጌል ቅጠሎች ላይ ተጽፈው የቆዩት የመሬት ስጦታዎች ይህ ትስስር ምን ያህል ረጅም ዕድሜ እንዳለው ይመሰክራሉ። ማን ሠራው የሚለውና ምን አስራበው የሚለው ጥያቄ የሚገናኙት እዚህ ላይ ነው፤ ያው እጅ ያርሳል፣ ያው እጅ ይገብራል። ንድፈ ሐሳቡ ወደዚህ ዝርዝር አልወረደም። አሥር ዓመት ሳይሞላ፣ የአብዮቱ 10ኛ ዓመት በድምቀት በሚከበርበት በመስከረም 1977 ዓ.ም.፣ የወሎ ሰው በኮረም ሜዳ ላይ እንደገና በረሃብ ይረግፍ ነበር። ባላባቱ ከሄደ በኋላ የመጣውን ረሃብ ለማስረዳት እንደገና ዝናቡ ተጠራ። ጦርነቱ፣ በገበሬ ማኅበራት ላይ የተጣለው የእህል ኮታና የእህል ንግድ እገዳ ያደረሱትን ጉዳት አሌክስ ዲ ዋል እ.ኤ.አ. በ1991 በዝርዝር አወጣው።

በመካከሉ፣ እ.ኤ.አ. በ1987፣ ጄምስ ማካን ላስታንና ዋግን ማዕከል ያደረገ የገጠር ታሪክ አሳተመ። ዘመኑ ከ1900 እስከ 1935 ነው። ረሃብ በተባለው ዓመት አልጀመረም፤ ከአባት ወደ ልጅ ቀስ እያለ ወደ ድህነት የሚወርድ ቤት ታሪክ ነው የጻፈው። ይህን ያገኘው ከቤተ መዛግብት ብቻ ሳይሆን ከሽማግሌዎች ጋር ተቀምጦ ነው። በዚያ አገር ሰው የሚመዘነው በመሬቱ ስፋት ብቻ እንዳልሆነ ማንም ገበሬ ያውቃል። አንድ በሬ ያለው ሌላ አንድ በሬ ካለው ጋር ይቀናጃል፤ ምንም የሌለው ጉልበቱን ሰጥቶ ጥማድ ይለምናል፤ የሱ ማሳ የሚታረሰው ባለበሬው የራሱን ከጨረሰ በኋላ፣ እርጥበቱ ከመሬቱ ሊሸሽ ሲል ነው። ዝናቡ በሁለቱም ማሳ ላይ እኩል ይዘንባል።