ለጽሑፍ የተሠሩ፣ ለጨዋታ የዋሉ ቁልፎች

በ1990ዎቹ ዓ.ም. ከመስቀል አደባባይ ወደ ቦሌ በሚወስደው ጎዳና ላይ የደምበል የገበያ ማዕከል ሲከፈት፣ ተንቀሳቃሽ ስልክ ለአዲስ አበባ ገና እንግዳ ነገር ነበር። አገልግሎቱ የተጀመረው በ1991 ዓ.ም. ሲሆን፣ ዩኒኮድ የተባለው ዓለም አቀፍ የፊደላት መለያ የኢትዮጵያን ፊደል የመዘገበውም በዚያው በ1999 እ.ኤ.አ. ነው። ይሁን እንጂ ወደ ሱቆቹ የገቡት ቀፎዎች በአብዛኛው የላቲን ፊደል ብቻ የተቀረጸባቸው ነበሩ። ኢንጂነር አያና ብሩ በጽሕፈት መኪና ላይ የደከሙበት ጥያቄ፣ ይኸውም ከሁለት መቶ የሚበልጡ ቅርጾችን በጥቂት ቁልፎች የመጻፍ ጉዳይ፣ እንደገና ተነሣ፤ መልሱም ዘገየ። አማርኛውን በላቲን የጻፈ ሰው፣ ተቀባዩ እያመሳከረ እንዲያነብለት ተስፋ ከማድረግ በቀር ምርጫ አልነበረውም።

በሰኔ 1997 ዓ.ም. ደግሞ፣ ከምርጫው በኋላ፣ የአጭር መልእክት አገልግሎት ተቋረጠ። የተመለሰው በመስከረም 2000 ዓ.ም. ነው። ከሁለት ዓመት በላይ፣ ቁጥር ከመደወልና ስም ከመመዝገብ ሌላ ለቁልፎቹ የቀራቸው ሥራ ጨዋታ ነበር።

ጨዋታው ደግሞ ፊደል አይጠይቅም። ፊንላንዳዊው ታኔሊ አርማንቶ እባቡን የሠራው በ1997 እ.ኤ.አ. ለወጣው ለኖኪያ 6110 ነው፤ ስክሪኑ በአግድም 84፣ በቁም 48 ነጥብ ብቻ ነበር። በዚህች ጠባብ ሜዳ እባቡ በበላ ቁጥር ይረዝማል፣ በመጨረሻም የራሱ አካል መንገድ ይዘጋበታል። ቴትሪስ ከዚያም ይቀድማል። አሌክሲ ፓጂትኖቭ በ1984 እ.ኤ.አ. በሞስኮ የሠራበት ኤሌክትሮኒካ 60 ሥዕል የማሳየት ችሎታ ስላልነበረው፣ ጡቦቹ የቆሙት በቅንፍ ምልክቶች ነበር። የሁለቱም ሕግ እንደ ገበጣ በማየት ይለመዳል።

በ2008 እ.ኤ.አ. ለመሥሪያ ቤት ሰዎች የወጣው ኖኪያ ኢ71 ሙሉ የፊደል ሰሌዳ ነበረው። ዳሩ ግን በጃቫ የተጻፉት ጨዋታዎች በአብዛኛው የታቀዱት ለ12 ቁልፍ ነው፤ 2 ወደ ላይ፣ 8 ወደ ታች፣ 4 እና 6 ወደ ጎን። በኢ71 ላይ ቁጥሮቹ በፊደሎቹ ላይ ስለ ተደረቡ፣ አውራ ጣት መንገዱን በላቲን ፊደላት መካከል መፈለግ ነበረበት። ቢሆንም ቁልፉ መጫኑን ጣት ያውቃል፣ ስክሪኑም በእጅ አይሸፈንም። ሣጥን መግፋት እንጂ መጎተት በማይፈቅደው በጃፓኑ ሶኮባን አንድ የተሳሳተ እርምጃ ጨዋታውን ሊያበላሽ ስለሚችል፣ ይህ ቀላል ጥቅም አልነበረም።

ኢ71ን የመሰሉት ቀፎዎች የአማርኛ ቁልፍ ሳይቀረጽላቸው በንክኪ በሚሠራው ስክሪን ተተኩ። የ6110ን እባብ እንደ ጥንቱ ለመጫወት የሚሻ ሰው ዛሬ የሚሠራ ቀፎ ከነባትሪው መፈለግ ይኖርበታል።