ንጉሥ ሆኖ የነገሠው፣ ገበሬ ሆኖ የተወደደው ሩማኒያዊ ተዋናይ

በሩማኒያ የሲኒማ ታሪክ ብዙ ትኬት ከተቆረጠባቸው አራት ፊልሞች በሦስቱ ዐቢይ ሚና ይዞ የተጫወተው አንድ ሰው ነው። በሁለቱ ዘውድ ደፍቶ፣ ሰይፍ ታጥቆ ጦር መርቷል። በሦስተኛው ግን ለጉብኝት ወደ ባሕር ዳርቻ የወረደ ጨዋታ ዐዋቂ ገበሬ ሆኖ ቀርቧል። ከሦስቱ ቀዳሚውን ተመልካች ያገኘውም ይኸው የገበሬው ፊልም ነው። የተዋናዩ ስም አምዛ ፔሊያ ይባላል።

አምዛ ፔሊያ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ሚያዝያ 7 ቀን 1931 በደቡብ ምዕራብ ሩማኒያ፣ በይሌሽት በተባለች አነስተኛ ከተማ ተወለደ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በይሌሽት የምትገኘው ከዳኑብ ወንዝ በስተሰሜን በተዘረጋው ለም ሜዳ ላይ ሲሆን ነዋሪዎቿ ከጥንት ጀምሮ ስንዴ፣ በቆሎና አትክልት ያመርታሉ። አካባቢው ኦልቴኒያ ይባላል፤ ዋና ከተማው ክራዮቫ ነው።

የተዋናዩን ሥራ ለመረዳት በቅድሚያ የኦልቴኒያ ሰው በሌላው ሩማኒያዊ ዘንድ እንዴት ይታይ እንደነበር ማወቅ ይጠቅማል። የኦልቴኒያ ገበሬዎች ለረጅም ዘመን በቡካሬስት ጎዳናዎች ላይ አትክልትና ፍራፍሬ እያዞሩ ይሸጡ ነበር። ዕቃቸውን የሚሸከሙት በትከሻ ላይ በሚጋደም ጎባጣ እንጨት ሲሆን በሁለቱ ጫፍ ቅርጫት ይንጠለጠላል። የከተማው ሰው የሚያውቃቸው በዚህ ሸክም፣ በፈጣን ንግግራቸውና በክርክራቸው ነው። ብልጠታቸውን ለመግለጽ «ባለ ሃያ አራት መንጋጋ» ይሏቸዋል። የሚቀለድባቸው ደግሞ በባሮ ሽንኩርት ነው፤ በአገሩ ቀልድ ኦልቴኒያዊና ባሮ ሽንኩርት አይለያዩም። ባሮ ሽንኩርት ነጩ አንገቱ እንዲረዝም አፈር እየታቀፈለት፣ ብዙ ወራት ተጠብቆ የሚደርስ፣ ብርድንም የሚችል ሰብል ነው። በክረምት ሌላው አትክልት ሲጠፋ ከማሳ የሚገኝ ምግብ በመሆኑ ለድሃ ገበሬ ቤት ትልቅ ነገር ነበር። ከተሜው ግን ሽታውን እንጂ ይህን አላየም።

ፔሊያ ትወናን የተማረው በቡካሬስት የቴአትርና የፊልም ተቋም ሲሆን የተመረቀው በ1956 ነው። ከእርሱ ጋር የተመረቁት ወጣቶች ከመካከላቸው ብዙ ታላላቅ ተዋንያን በመውጣታቸው እስከ ዛሬ «ወርቃማው ትውልድ» እየተባሉ ይጠራሉ። ቪክቶር ሬበንጅዩክ፣ ሲልቪያ ፖፖቪች እና ጌዮርጌ ኮዞሪች ከእነርሱ ውስጥ ናቸው። ከዚህ ቡድን የተወሰኑት ወጣቱ አዘጋጅ ቭላድ ሙጉር ወደሚሠራበት ወደ ክራዮቫ ብሔራዊ ቴአትር ሲሄዱ ፔሊያም አብሯቸው ሄደ። በዚህም የመድረክ ሥራውን የጀመረው በትውልድ አካባቢው፣ ቋንቋውን በሚናገር ሕዝብ ፊት ሆነ። ከዚያ በኋላ ወደ ቡካሬስት ተመልሶ የኮሜዲ ቴአትርንና ብሔራዊ ቴአትርን ጨምሮ በበርካታ መድረኮች ተጫውቷል፤ በተማረበት ተቋምም አስተምሯል።

በመላ አገሪቱ ያስተዋወቁት የታሪክ ፊልሞች ናቸው። በ1967 በወጣውና ሰርጂዩ ኒኮላዬስኩ ባዘጋጀው «ዳቺይ» ፊልም፣ የሮማን ጦር የተቋቋመውን የዳኪያ ንጉሥ ዴቼባልን ሆኖ ተጫወተ። በ1971 ደግሞ በዚያው አዘጋጅ ሥራ፣ በ1600 ዋላኪያን፣ ሞልዳቪያንና ትራንሲልቫኒያን ለአጭር ጊዜ በአንድ እጅ የጠቀለለውን ልዑል ጀግናው ሚሃይን ሆነ። ሚሃይ ወደ ሥልጣን ከመምጣቱ በፊት ኦልቴኒያን ከክራዮቫ ሆኖ ያስተዳደረ ሰው ስለነበር የበይሌሽቱ ልጅ የአገሩን ገዥ ነው የተጫወተው ማለት ይቻላል። ሁለቱም ፊልሞች በዓመታት ተደምሮ እያንዳንዳቸው ከ13 ሚሊዮን በላይ ትኬት ተሽጦባቸዋል። የዚያ ዘመን ልጆች በትምህርት ቤት ስለ ዴቼባል ወይም ስለ ሚሃይ ሲማሩ በዓይነ ሕሊናቸው የሚመጣባቸው የፔሊያ ፊት ነበር።

ይህ ሁሉ ክብር እያለ፣ በዚያው በ1970ዎቹ፣ ተዋናዩ በሬዲዮና በቴሌቪዥን እየቀረበ ያልተጠበቀ ሥራ ይሠራ ጀመር። ዘውዱን አውልቆ «ኔያ መሪን» ሆነ። «ኔያ» በሩማኒያ ገጠር በዕድሜ ከፍ ላለ ሰው የሚሰጥ የአክብሮትና የቅርበት መጠሪያ ነው፤ በእኛ «አያ» ወይም «ጋሼ» ለማለት ይቀርባል። አያ መሪን የበይሌሽት ገበሬ ነው። ብቻውን ሆኖ፣ ያለ ብዙ ጌጥ፣ ስለ ሰፈሩ፣ ስለ ቤቱና ሱከ ስለሚባለው ዘመዱ ያወራል። አዲስ ነገር ሲገጥመው ይገረማል፤ ይመረምራል፤ በመጨረሻም በራሱ ሚዛን ይፈርዳል።

ብልሃቱ ያለው በቋንቋው ውስጥ ነው። በቡካሬስት የሚኖር ሰው «በላሁ» ለማለት «አም ምንካት» ይላል፤ በሁለት ቃል። ኦልቴኒያዊው ግን ዛሬ ወይም አሁን የሆነን ነገር ሲናገር በአንድ አጭር ቃል «ምንካይ» ይለዋል። አጭሩ ቅርጽ በሌሎች አካባቢዎች በአብዛኛው በመጽሐፍ ብቻ የቀረ ሲሆን በኦልቴኒያ ግን በየደጃፉ ይነገራል። ስለዚህ ተናጋሪው አንድ ግስ እንዳወጣ አገሩ ይታወቃል። በአማርኛም የጎጃሙን፣ የወሎውን ወይም የመንዙን ሰው ከአነጋገሩ እንደምንለይ ማለት ነው። ፔሊያ ይህን አነጋገር አላጠናውም፤ አብሮት ያደገ ነው። የቃሉ ፍጥነት፣ የትንፋሹ አቋቋም፣ ሳይስቅ ማሳቁ፣ ሁሉም ከቤቱ የመጣ ነው።

የገበሬን አነጋገር እያስመሰሉ ማሳቅ በየትኛውም አገር የተለመደ ነው። ልዩነቱ የሚሳቀው በማን ላይ ነው የሚለው ላይ ይወድቃል። በከተማ ሰው ብዕር የተጻፈ ገበሬ አብዛኛውን ጊዜ ሊፍት የሚፈራ፣ ሹካ መያዝ የማይችል ሞኝ ነው። በእኛም ዘንድ «ባላገር» የሚለው ቃል የአገር ባለቤት ማለት ሆኖ ሳለ በከተማ አፍ ስድብ እስከ መሆን ደርሷል። የዚህ ጽሑፍ አዘጋጅም ለትምህርት ከገጠር ወጥቶ ኮሌጅ በገባ ጊዜ አፉን በከፈተ ቁጥር ይሳቅበት ስለነበር ጉዳዩን ከሩቅ አይመለከተውም። አያ መሪን ግን ሞኝ አይደለም። የማያውቀው ነገር ይኖራል፤ አለማወቁን ግን አይደብቅም፤ ዐዋቂ ነኝ ባዩን ደግሞ በአንድ ጥያቄ ያፋጥጠዋል።

የዘመኑም ሁኔታ ለጨዋታው ክብደት ሰጥቶታል። የሩማኒያ መንግሥት ከ1949 እስከ 1962 ባካሄደው ዘመቻ የአብዛኛውን ገበሬ መሬት ወደ ኅብረት እርሻ አስገብቷል። ብዙዎች በግዴታ ፈርመዋል፤ እምቢ ያሉት ታስረዋል፣ ተግዘዋልም። ወጣቱ መሬቱን ለቅቆ ወደ ፋብሪካ ከተሞች ጎረፈ። ስለዚህ በ1970ዎቹ በአፓርታማ ውስጥ ተቀምጦ አያ መሪንን በቴሌቪዥን የሚያየው «ከተሜ» በአብዛኛው የትናንት ገበሬ፣ እናቱንና አባቱን መንደር ጥሎ የመጣ ሰው ነበር። የሚስቀው በባዕድ ሰው አልነበረም፤ በአጎቱ፣ አለፍ ሲልም በራሱ ነበር። ስለተወሰደው መሬት በአደባባይ መናገር በማይቻልበት ዘመን፣ የመሬቱ ሰው ቢያንስ በገዛ አፉ፣ በገዛ ቋንቋው ሲያወራ ይሰማ ነበር።

ፔሊያ ገበሬን ለሳቅ ብቻ እንዳልተጫወተም መታወቅ አለበት። በ1976 በወጣው «ኦስንዳ» በተሰኘ ፊልም የሠራው ከገጠር ሕይወት የተወሰደ መራራ ታሪክ ነው። ርእሱ ፍርድ ወይም ቅጣት እንደ ማለት ነው። በዚህ ሥራው በ1977 በሞስኮ ዓለም አቀፍ የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይ ሽልማትን ተቀብሏል።

ከዚያ በ1979 «ኔያ መሪን ሚሊያርዳር» መጣ፤ «ቢሊየነሩ አያ መሪን» ማለት ነው። አዘጋጁ አሁንም ሰርጂዩ ኒኮላዬስኩ ነው። ገበሬው ወደ ጥቁር ባሕር ዳርቻ ይወርዳል፤ በዚያም መልኩ ቁርጥ እርሱን ከሚመስል አሜሪካዊ ቢሊየነር ጋር ይምታታል። አንድ ሚሊዮን ዶላር የያዘ ሻንጣ አለ፤ ሻንጣውን የሚያሳድዱ ወንበዴዎች አሉ፤ ከዚያ በኋላ ሩጫና ግርግር ነው። ቢሊየነሩንም ገበሬውንም የተጫወተው ፔሊያ ራሱ ነው።

በዚህ ጸሐፊ አስተያየት ፊልሙ ከቴሌቪዥኑ ወግ ያንሳል። አያ መሪን ተቀምጦ ሲያወራ የሚያስቀው ነገር ሲሯሯጥ ይጠፋበታል፤ ወንበዴዎቹም ከሌላ ፊልም የተዋሱ ይመስላሉ። ሕዝቡ ግን በሌላ መንገድ ፈረደ። ሕዝቧ 22 ሚሊዮን ገደማ በነበረ አገር፣ ፊልሙ በዓመታት ተደምሮ ከ14 ሚሊዮን በላይ ትኬት ሸጦ የአንደኝነቱን ቦታ ያዘ። በጥቂት ልዩነት ሁለተኛ የሆነው በ1974 የወጣው «ፐከለ» ነው፤ ፔሊያ ከሌለበት ከአራቱ አንዱም ይኸው ነው። ፐከለ በሩማኒያ ተረት ውስጥ ባለጠጋውንና ቄሱን በብልሃት የሚያታልል የመንደር ሰው ነው። በሌላ አነጋገር፣ ንጉሦቹ ሦስተኛና አራተኛ ሲወጡ አንደኛና ሁለተኛ የሆኑት ሁለት ባላገሮች ናቸው።

አምዛ ፔሊያ ታኅሣሥ 12 ቀን 1983 በ52 ዓመቱ በቡካሬስት ዐረፈ። ሴት ልጁ ዋና ፔሊያ የአባቷን ሙያ ተከትላ ከአገሯ ታዋቂ ተዋንያን አንዷ ሆናለች። አልፎንሶ ኩዋሮን ባዘጋጀውና በ2006 በወጣው «ችልድረን ኦፍ ሜን» ፊልም ላይም ተጫውታለች።

በበይሌሽት በስሙ የሚጠራ የመታሰቢያ ቤት አለ። ከተማዋ በየዓመቱ በዓል የምታከብርባቸው ሁለት ነገሮች ደግሞ ባሮ ሽንኩርትና «ዛይበር» ናቸው። ዛይበር የአካባቢው ገበሬዎች ከድቅል ዝርያ የሚጠምቁት ጠቆር ያለ፣ ጎምዘዝ የሚል ቀይ ወይን ነው። ድቅሉ ከምርጦቹ የወይን ዝርያዎች ይልቅ በሽታንና ብርድን ስለሚችል ድሃው ገበሬ ያለ ብዙ መድኃኒት ያለማዋል። የወይን ቀማሾች አይወዱትም። በበዓሉ ሰሞን ግን ከየአቅጣጫው የሚመጣው እንግዳ ዛይበሩን ይጠጣል፣ ባሮ ሽንኩርቱን ይገዛል፤ የአያ መሪንንም ወግ በቃሉ የሚያወርድ ሰው አይጠፋም።