ይግባኝ ከፍርድ በፊት

በ1900 ዓ.ም. ግድም ወደ አራዳ ገበያ የወጣ ሰው፣ የነጠላቸው ጫፍ ተቋጥሮ ወይም እጃቸው በሰንሰለት ተያይዞ አብረው የሚሄዱ ሁለት ባላንጣዎች ቢያይ አይደነቅም ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ ናቸው፤ ሥርዓቱም ቁራኛ ይባላል። ዋስ ያጣ ተከሳሽ ነገሩ እስኪቆረጥ ከከሳሹ ጋር ይቆራኛል። የከሳሹም እግር አብሮ ይታሰራልና ዳኛው እንዲፈጥን ሁለቱም እኩል ይመኛሉ። ይህን ብልኀት የኋላው ሕግ አልወረሰውም። ከዚያ ወዲህ ፍርድ እስኪሰጥ የሚጠብቀው አንዱ ወገን ብቻ ሆኗል።

በዚያን ዘመን በዳኛው ቃል ቅር የተሰኘ ሰው «ይግባኝ» እያለ እስከ አፈ ንጉሡ፣ ከዚያም እስከ ንጉሠ ነገሥቱ ችሎት ይዘልቅ ነበር። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ግን ይህን መንገድ አጠበበው። በቁጥር 320 እንደ ተደነገገው፣ ስለ ቀጠሮ፣ ስለ መጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ወይም ስለ ማስረጃ አቀባበል በክርክር መካከል በሚሰጥ ትእዛዝ ላይ ወዲያው ይግባኝ አይባልም፤ ቅሬታው ከመጨረሻው ፍርድ ጋር ይነሣል። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ በየቀጠሮው ይግባኝ ቢፈቀድ ሙግት ማለቂያ አይኖረውም።

ሆኖም ሕጉ ሦስት መስኮቶች ትቷል፤ ትእዛዙ ሰው እንዲያዝ ወይም እንዲታሰር ያዘዘ፣ ንብረትን ከአንዱ ተከራካሪ እጅ ወደ ሌላው ያዛወረ፣ ወይም አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታን ያልተቀበለ እንደ ሆነ። የፒያሳ ባለሱቅ ዕቃው ለባላጋራው እንዲሰጥ ከታዘዘበት፣ በመጨረሻ ቢረታም መደርደሪያው ባዶ ሆኖ ይጠብቀዋል። «አትሽጥ» ብቻ የሚል ዕግድ ግን ንብረቱን ከእጅ ስለማያወጣ በዚህ ሐረግ መሸፈኑ ያከራክራል፤ ባለጉዳዩ ዕግዱ እንዲነሣለት የሰጠውን ፍርድ ቤት ራሱን መጠየቅ ይችላል።

በወንጀል በኩል መስኮቱ ይጠብባል። የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በዋስትና መከልከል ላይ በ20 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይፈቅዳል። የምርመራ ቀጠሮንም እያንዳንዱን ከ14 ቀን እንዳይበልጥ ይወስናል፤ ስንት ጊዜ እንደሚደገም ግን አይናገርም። በ2001 ዓ.ም. የወጣውና በ2012 ዓ.ም. የተሻረው የፀረ ሽብርተኝነት አዋጅ ደግሞ እያንዳንዱን ቀጠሮ ከ28 ቀን እንዳያንስ፣ በጠቅላላው ከአራት ወር እንዳይበልጥ አድርጎ ነበር።

የዚህ ሁሉ መፈተኛ አራዳ ሆነ። እስከ 2010 ዓ.ም. ድረስ ማዕከላዊ የሚባለው የምርመራ እስር ቤት በፒያሳ አካባቢ ነበርና፣ ተጠርጣሪዎቹ ለጊዜ ቀጠሮ ወደ ፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የአራዳ ምድብ ይመላለሱ ነበር። በሚያዝያ 2006 ዓ.ም. የተያዙት ስድስት የዞን ዘጠኝ ጸሐፍትና ሦስት ጋዜጠኞች በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ ተጨምሮባቸው፣ ክስ የተመሠረተባቸው በሐምሌ ወር ነበር። አምስቱ በሐምሌ 2007 ዓ.ም. ክሱ ተቋርጦላቸው ወጡ፤ የቀሩትን አራት የፌዴራሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ከሽብር ክስ ነፃ ያላቸው በጥቅምት 2008 ዓ.ም. ነው። እስከዚያ ከ17 ወራት በላይ ታስረዋል።