ዋስ ያጣ ሰው፦ ከቁራኛ እስከ 20 ቀኑ ይግባኝ

«በዓይነ ቁራኛ ተከታተለው» ስንል ቃሉ ከየት እንደመጣ ብዙዎቻችን አናስበውም። በድሮው የሀገራችን ሙግት ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ ድረስ ነጠላ ለነጠላ ይቋጠሩ ነበር። ነገሩ ሲከብድ ደግሞ በሰንሰለት ይያያዙ ነበር። ይህ ነው ቁራኛ። ከቁራኛ የሚያወጣው አንድ ነገር ነበር፤ ዋስ መጥራት። «እኔ አለሁ፣ በቀጠሮው ቀን አቀርበዋለሁ» የሚል ሰው ያገኘ ወደ እርሻው ይመለሳል። ያላገኘ ከባላጋራው ጋር ታስሮ ይውላል፣ ያድራል። በፊቅህ ኪታቦቻችን «ከፋላ» በሚለው ምዕራፍ ስር ለሰው አካል ዋስ መሆንን የተማርን ሰዎች ሐሳቡ አዲስ አይሆንብንም።

ይህ ልማድ በጽሑፍ ሕግ የሰፈረው በ1954 ዓ.ም በወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። ሕጉ የዋስትና ጥያቄ በቀረበ በ48 ሰዓት ውስጥ ውሳኔ እንዲሰጥ ያዛል። በአንቀጽ 67 ደግሞ ዋስትና የሚከለከልባቸውን ምክንያቶች ይዘረዝራል፦ ተጠርጣሪው የዋስትናውን ግዴታ የማይፈጽም ከመሰለ፣ ሌላ ወንጀል ይፈጽማል ተብሎ ከታሰበ፣ ወይም ምስክር ያባብላል፣ ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ከተገመተ። ለዛሬ ጽሑፋችን ዋናው ግን አንቀጽ 75 ነው። ዋስትና የተከለከለ ሰው በ20 ቀን ውስጥ ለበላይ ፍርድ ቤት በጽሑፍ ማመልከት ይችላል። በ1987 ዓ.ም ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 19(6) በዋስ መፈታትን መብት አደረገው። ክልከላውም በሕግ ለተደነገጉ ልዩ ሁኔታዎች ብቻ ተተወ።

ታዲያ መብቱ በወረቀት ከሰፈረ ሰው ለምን ይታሰራል? ታሪኩን እንየው።

በ1993 ዓ.ም አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ተያዙ። ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ በዋስ እንዲለቀቁ አዘዙ። አቶ ስዬ ግን ከፍርድ ቤቱ ደጅ ሳይርቁ እንደገና ተያዙ። ብዙም ሳይቆይ በሙስና የተያዘ ሰው ዋስትና እንዳያገኝ የሚከለክለው አዋጅ ቁጥር 239/1993 ወጣ። እዚህ ላይ ልብ እንበል። ዳኛ ሲከለክል ይግባኝ አለ። አዋጅ ሲከለክል ግን የበላዩም ዳኛ እጁ ይታሰራል። ክልከላው የላላው በ1997 ዓ.ም ነው፤ በአዋጅ ቁጥር 434 ከአሥር ዓመት በላይ በሚያስቀጡ ክሶች ላይ ብቻ እንዲወሰን ተደረገ። ዳኛዋም በ1998 ዓ.ም ከቅንጅት መሪዎች ጋር ታሰሩ፣ እሳቸውም ያለ ዋስትና በእስር ቆዩ። ፈቺዋም ተፈቺውም ከእስር የወጡት በ1999 ዓ.ም ክረምት መሆኑ የታሪክ ግጥምጥሞሽ ነው።

ሁለተኛው ታሪክ የራሳችን ነው። በሐምሌ 2004 ዓ.ም የመፍትሔ አፈላላጊ ኮሚቴው አባላት ተያዙ፤ በጥቅምት 2005 ዓ.ም በፀረ ሽብር አዋጁ ተከሰሱ። በኋላ በ2012 ዓ.ም የተሻረው አዋጅ ቁጥር 652/2001 በአንቀጽ 20(5) ክስ የቀረበበት ሰው ጉዳዩ እስኪወሰን በእስር እንዲቆይ ያዝ ነበር። ስለዚህ እነ ኡስታዝ አቡበከር አህመድ፣ አሕመዲን ጀበል፣ ያሲን ኑሩና ካሚል ሸምሱ ጥፋተኛ የተባሉት በሰኔ 2007 ዓ.ም፣ ሦስት ዓመት ያህል ከታሰሩ በኋላ ነው። ቅጣቱ በሐምሌ ሲነገር ከ7 እስከ 22 ዓመት ሆነ። በዚያ ክስ ከተከሰሱት መካከል አሥሩ ገና በ2006 ዓ.ም በነፃ ተሰናብተው ነበር። ነፃ የተባለ ሰው የታሰረበትን ጊዜ ማን ይመልስለታል? የዋስትና ትርጉሙ እዚህ ላይ ነው።

ሦስተኛው የአቶ በቀለ ገርባ ነው። የሽብር ክሳቸው ወደ መደበኛው ወንጀል ሕግ ከተለወጠ በኋላ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ዋስትና ከለከላቸው። ይግባኝ አሉ። በጥቅምት 2010 ዓ.ም ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ30,000 ብር ዋስ እንዲፈቱ ወሰነ። ይግባኙ ሠራ፤ በሩ ግን አልተከፈተም። ከእስር የወጡት በየካቲት ክሳቸው ሲቋረጥ ነው። በዚያው ወር ኡስታዝ አሕመዲንም ወጣ።

ይህ ሁሉ የአዲስ አበባ ወሬ ብቻ አይደለም። ዳንግላ ላይ አንድ ወንድማችን በወረዳው ፍርድ ቤት ዋስትና ቢከለከል ይግባኙ እንጅባራ ወዳለው የአዊ ብሔረሰብ ዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይሄዳል። ጉዳዩን መጀመሪያ ያየው ከፍተኛው ፍርድ ቤት ከሆነ ደግሞ መዝገቡ ዳንግላን አልፎ ባሕር ዳር፣ የክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይደርሳል። መንገዱ ሩቅ አይደለም። ሩቅ የሚያደርገው አለማወቃችን ነው። ቤተሰብ ስንቅ ሲያመላልስ፣ ሽማግሌ ሲያፈላልግ፣ «ይለፍና እናያለን» ሲል 20 ቀኑ ያልቃል።

ስለዚህ ዋስትና በተከለከለበት ቀን የትእዛዙን ግልባጭ እንጠይቅ። ዳኛው የትኛውን ምክንያት እንደጠቀሰ እናንብብ። ማመልከቻው አጭር ይሁን፤ ለተጠቀሰው ምክንያት ብቻ ይመልስ። «ይሸሻል» ከተባለ ቋሚ አድራሻውን፣ ሥራውንና ቤተሰቡን፤ «ምስክር ያባብላል» ከተባለ ምስክሮቹ ቀድመው ቃላቸውን መስጠታቸውን እናሳይ። በዚህ ጉዳይ ይግባኝ ሰሚው የሚሰጠው ውሳኔ ሌላ ይግባኝ ስለሌለው ያቺን አንድ ዕድል በደንብ እናዘጋጃት።

አባቶቻችን ለጎረቤታቸው «እኔ አለሁ» ብለው ከቁራኛ ያወጡ ነበር። ዛሬ «እኔ አለሁ» ማለት ቀኑን ቆጥሮ መዝገቡን ማድረስም ነው። አላህ የታሰሩትን ይፍታልን።