የለንደን ጎዳና ልሳን

ሊቁ ሳሙኤል ጆንሰን እ.ኤ.አ. በ1755 ታላቁን መዝገበ ቃላት ለእንግሊዞች ባበረከተ ጊዜ ምስክሮቹን ከታላላቅ ደራስያን መጻሕፍት ይቀዳ ስለ ነበር፣ አብዛኛው የጎዳና ንግግር ከደጅ ቀርቶ ነበር፤ ያንኑ ፍራንሲስ ግሮስ በ1785 ሰብስቦ አሳተመው። ከሁሉ የሚያስደንቀው ግን፣ በ1859 ጆን ካምደን ሆተን የመዘገበው፣ የለንደን የመንገድ ዘፋኞችና ሸቀጥ አዟሪዎች ምሥጢራቸውን ከባዕድ ጆሮ ይሰውሩበት የነበረው፣ ቤት በመምታት የጸና ልሳን ነው። በዚህ ልሳን ደረጃ፣ ማለት «ስቴርስ»፣ ድምፁ ስለ ገጠመ ብቻ በሁለት ፍሬዎች ስም «ኤፕልስ ኤንድ ፔርስ» ተብሎ ይጠራል። መመልከት፣ ማለት «ሉክ»፣ በኋላ ዘመን «ቡቸርስ ሁክ»፣ የሥጋ ሻጭ መንጠቆ፣ ተባለ፤ ተናጋሪዎቹም (እንዴት ያለ ተንኮል ነው!) ቤት የሚመታውን «ሁክ» ራሱን ጥለው «ቡቸርስ» ብቻ ስላስቀሩ፣ ምሥጢሩን የማያውቅ እንግዳ ከሥጋ ሻጩ በቀር የሚያገኘው የለም።