በሕግ አምላክ! ማን ነው የሚቆመው?

«በሕግ አምላክ ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውኃ ይቆማል» ይሉ ነበር አያቶቻችን። ዱላ ያነሣ ሰው ያቺን ቃል ሲሰማ እጁን ይመልስ ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ በነጠላ ተቆራኝተው፣ ያለ ፖሊስ፣ ዳኛ ፍለጋ ይሄዱ ነበር። እኛ ይህንን የሰማነው በተረት መልክ ነው። በዓይናችን ያየነው ሌላ ነው።

ወደ 1993 ዓ.ም. እንመለስ። ሕወሓት ለሁለት ተሰንጥቋል። የቀድሞው መከላከያ ሚኒስትር አቶ ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ታስረዋል። ጉዳዩ የቀረበላቸው የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ዳኛ፣ ወጣቷ ብርቱካን ሚደቅሳ፣ ተጠርጣሪው በዋስ እንዲፈቱ አዘዙ። አቶ ስዬ ከችሎት ወጡ። ነገር ግን ከፍርድ ቤቱ ሳይርቁ ፖሊስ መልሶ ያዛቸው።

መንግሥት በትእዛዙ ቅር ካለው ይግባኝ ነበረለት። እሱ ግን ሌላ መንገድ መረጠ። በዚያው ሰኔ ፓርላማው አዋጅ ቁጥር 239/1993ን አጸደቀ፤ በሙስና የተጠረጠረ ሰው የዋስ መብቱን አጣ። የዳኛዋን ትእዛዝ መጀመሪያ ፖሊስ ረገጠው፣ ቀጥሎ ሕግ አውጪው ቀበረው። አቶ ስዬ ስድስት ዓመት ያህል ታሰሩ።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ እናንሣ። ችሎት የደፈረው ማን ነው? የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 ችሎት ላይ ዳኛ የሰደበን ወይም ያወከን ሰው እስከ አንድ ዓመት በሚደርስ እስራት ይቀጣል። ከሕግ ውጭ ሰው የሚያስር የመንግሥት ሠራተኛም በአንቀጽ 423 ይጠየቃል። ሕገ መንግሥቱ በበኩሉ ዳኞች ከሕግ በቀር በማንም አይመሩም ይላል። እንግዲህ የጎደለን ወረቀት አይደለም። ዳኛ ፊት ድምፁን ከፍ ያደረገ ተከሳሽ ሲቀጣ ሰምተናል። የፍቺ ትእዛዝ ረግጦ «ችሎት ደፍረሃል» የተባለ ባለሥልጣን ግን ስንት ሰማን?

ታሪክ ደግሞ ይቀልዳል። ዳኛዋ ፖለቲከኛ ሆኑ፤ ሁለት ጊዜም ታሰሩ። በ2002ቱ ምርጫ አቶ ስዬ የብርቱካን ፓርቲ የሆነውን አንድነትን ተቀላቅለው ሲወዳደሩ፣ የፓርቲው መሪ እስር ቤት ነበሩ።

ይህ የሁለት ታዋቂ ሰዎች ታሪክ ብቻ ቢሆን ኖሮ እዚህ ላይ በተዘጋ ነበር። ከዚያ ወዲህ ግን መንግሥት ተለውጦም የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን «ፍርድ ቤት ይፈቱ ያላቸው ሰዎች ይለቀቁ» እያለ መግለጫ ሲያወጣ አይተናል። እናት የዋስትና ገንዘብ የከፈለችበትን ደረሰኝ ይዛ ጣቢያ በር ላይ ቆማ «ከበላይ አልታዘዝንም» ስትባል ሰምተናል።

የበላይ? ከፍርድ ቤት በላይ ማን አለ?

አያቶቻችንን ያቆማቸው ዱላ አልነበረም። ትልቁም ትንሹም ለዚያች ቃል እንደሚቆም ማመናቸው ነበር። ትልቁ ሳይቆም ትንሹን «በሕግ አምላክ» ማለት ግን ማስፈራራት እንጂ ሕግ አይደለም።